በእናቱ ካሜራ ፊት ያደገ ልጅ

የፈረንሳዊው ተዋናይና ፊልም ሰሪ ማትዩ ደሚ ወላጆች የተገናኙት በ1958 ነው (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶችና ቀኖች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። ቱር በምትባል የፈረንሳይ ከተማ የአጫጭር ፊልሞች ፌስቲቫል ይካሄድ ነበር። አኜስ ቫርዳ ያኔ የሠላሳ ዓመት ሴት ናት። አባቷ ግሪካዊ፣ እናቷ ፈረንሳዊት፤ ብራስልስ ተወልዳ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሰበብ ቤተሰቡ ወደ ደቡብ ፈረንሳይ የባሕር ዳርቻ ሸሽቶ እዚያ አድጋለች። እንጀራዋ ፎቶግራፍ ነበር። የፊልም ትምህርት ቤት ደጃፍ ሳትረግጥ በ1954 ዓሣ አስጋሪዎች ወደሚኖሩበት አንድ ሰፈር ሄዳ «ላ ፕዋንት ኩርት» የተባለውን የመጀመሪያ ፊልሟን ቀረጸች። ኋላ «አዲሱ ሞገድ» የተባለውን የፈረንሳይ ፊልም እንቅስቃሴ የሚያጠኑ ሰዎች ይህን ሥራ መንገድ ጠራጊ አድርገው ይቆጥሩታል።

ዣክ ደሚ በሦስት ዓመት ያንሳታል። የናንት ከተማ ልጅ ነው። አባቱ ጋራዥ ነበረው፤ ልጁም ሙያውን እንዲወርስ ይፈልግ ነበር። ልጁ ግን ቆጡ ላይ ወጥቶ ከካርቶን የቆረጣቸውን አሻንጉሊቶች ትንሽ በትንሽ እያንቀሳቀሰ፣ ምስሉን አንድ በአንድ እያነሳ የራሱን ፊልም ይሠራ ነበር። ወደዚህ ቆጥ እንመለሳለን፤ በዚህ ቤተሰብ ታሪክ ውስጥ ልጅነት ብቻውን ተቀብሮ የቀረበት ጊዜ የለም።

በ1962 ተጋቡ። በዚያው ዓመት የእሷ «ክሌዮ ከ5 እስከ 7» ለተመልካች ቀረበ። በ1964 ደግሞ የእሱ «የሼርቡር ጃንጥላዎች» በካን ፌስቲቫል ትልቁን ሽልማት ወሰደ። በዚህ ፊልም ውስጥ አንድም ቃል በተራ ንግግር አይነገርም። ጋራዥ ውስጥ እጁ ዘይት የነካ መካኒክ እንኳ ስለ መኪና ሞተር የሚያወራው በዜማ ነው፤ የዣክ አባት ጋራዥ በሚሼል ለግራን ሙዚቃ ታጅቦ ሸራው ላይ ወጣ ማለት ይቻላል። ከጃንጥላ ሱቋ መስኮት ጀርባ የምትታየው ወጣት ካትሪን ደኑቭ በዚያ ፊልም ዓለም አወቃት። እነዚህን ስሞች አስታውሱልኝ፤ ልጆቻቸው ወደፊት አንድ ፊልም ላይ ይገናኛሉ።

ቤታቸው በፓሪስ 14ኛው ወረዳ፣ ሩ ዳጌር በሚባል መንገድ ላይ ነበር። አኜስ የገባችበት ገና በፎቶግራፍ አንሺነቷ ዘመን ነው፤ እስከ ዕለተ ሞቷም አልለቀቀችውም። መኖሪያም፣ ቢሮም፣ ፊልም መቁረጫና መቀጠያም ነበር። እሷ ከዣክ ጋር ከመጋባቷ በፊት የወለደቻት ሮዛሊ እዚያ አደገች፤ ዣክም እንደ ገዛ ልጁ አሳደጋት። ጥቅምት 15 ቀን 1972 ወንድሟ ማትዩ ተወለደ።

ሕፃን ይዞ ፊልም መሥራት እንዴት ይቻላል? አኜስ ለዚህ ጥያቄ ያገኘችው መልስ እኔን ሁልጊዜ ያስደንቀኛል። ከቤት ርቃ መሄድ አልቻለችም፤ ሥራ ማቆምም አልፈለገችም። ስለዚህ ከቤቷ የኤሌክትሪክ መስመር ረጅም ገመድ ዘርግታ፣ ከ80 እስከ 90 ሜትር የሚደርስ፣ ገመዱ እስከሚደርስበት ድረስ ብቻ ለመቅረጽ ወሰነች። ገመዱ የደረሰው ዳቦ ጋጋሪው ዘንድ፣ ሥጋ ሻጩ ዘንድ፣ ልብስ ሰፊው ዘንድ፣ ሽቶ የሚሸጡት ሽማግሌ ባልና ሚስት ሱቅ ድረስ ነው። በ1970ዎቹ አጋማሽ የተሠራው «ዳጌሬዮታይፕ» የተባለው ዘጋቢ ፊልም እንዲህ ተወለደ። ገመዱን እሷ ራሷ ከእትብት ጋር አመሳስላዋለች። ልጁ በፊልሙ ውስጥ ባይተውንም የፊልሙ ስፋት የተለካው በእሱ ነው፤ ማትዩ ሳያውቀው የእናቱን ሥራ ቅርጽ ያስያዘው ያን ጊዜ ነው ብል የተጋነነ አይመስለኝም።

ከዚያ በኋላ ገመዱ አጠረና ልጁ ራሱ ካሜራው ፊት ቆመ። በ1977 የወጣው፣ ስለ ሁለት ሴቶች የረጅም ዘመን ጓደኝነትና ስለ ሴቶች መብት ትግል የሚተርከው የአኜስ ፊልም ውስጥ ማትዩ በትንሽ ልጅነቱ ይታያል። ሮዛሊም አለች። በዚህ ቤት ልጅን ፊልም ውስጥ ማስገባት በሌላ ቤት ልጅን ጠረጴዛ እንዲያነሳ ከማዘዝ የተለየ ነገር አልነበረም።

የዚህ ታሪክ እምብርት ግን ፓሪስ ውስጥ ሳይሆን ሎስ አንጀለስ ውስጥ ነው። በ1970ዎቹ መጨረሻ አኜስና ዣክ ተለያዩ። ሎስ አንጀለስን ያውቋት ነበር፤ በ1960ዎቹ መገባደጃ አብረው ኖረውባታል፤ እሱ «ሞዴል ሾፕ»ን፣ እሷም «ላየንስ ላቭ»ን እዚያ ሠርተዋል። አሁን ግን አኜስ የሄደችው ልጇን ብቻ ይዛ ነው። ዣክ ፈረንሳይ ቀረ። ማትዩ ስምንት ዓመት ገደማ ነበር።

እዚያ ሁለት ፊልም ሠራች። አንደኛው «ሚር ሚር» የከተማዋን የግድግዳ ሥዕሎችና ሥዕሎቹን የሠሩትን ሰዎች የሚያሳይ፣ ቀለም የሞላበት፣ ሰው የበዛበት ዘጋቢ ፊልም ነው። ሁለተኛው በ1981 የወጣው «ዶኪዩማንተር» ነው፤ ከአንድ ሰዓት እምብዛም አይበልጥም፤ ከፊተኛው ጥላ የተቆረጠ ይመስላል። ኤሚሊ የተባለች ፈረንሳዊት ከባሏ ተለይታ በማታውቀው አገር ልጇን ማርታንን ይዛ ቤት ትፈልጋለች። የምትተዳደረው ለሰው ጽሑፍ በመተየብ ነው። ያገኙት ቤት ባዶ ስለሆነ ሰዎች መንገድ ዳር የጣሉትን የቤት ዕቃ እናትና ልጅ እየለቀሙ ያስገባሉ። ልጁ ይጠይቃል፣ እናት ትመልሳለች ወይም ዝም ትላለች። ከዚህ የበለጠ ታሪክ የለውም።

ኤሚሊን የተጫወተችው ሳቢን ማሙ ተዋናይ አልነበረችም፤ የ«ሚር ሚር»ን ምስሎች ያቀናበረችው ኤዲተር ነበረች። አኜስ ራሷ ካሜራው ፊት ልትቆም አልፈለገችም፤ የራሷን ኀዘን ለባልደረባዋ ሰጥታ ከካሜራው ጀርባ ቀረች። ልጁን ግን የሚተካው አላገኘችም፤ ወይም አልፈለገችም። ማርታን ማትዩ ነው። ስሙ ተቀየረ እንጂ ያው ልጅ ነው፤ አባቱ ሩቅ የቀረበት፣ በሰው አገር ያለ፣ ከእናቱ ሌላ የሚያውቀው ሰው የሌለው። እዚህ ላይ የሚያየውን ሰው የሚይዘው ነገር ልጁ አለመተወኑ ነው። አስታውሶ አይናገርም፣ አያለቅስም፣ ካሜራውን አይለማመጥም። እናቱን በሚያይበት ዓይን ሳቢንን ያያል፤ ከሳቢን ጀርባ እናቱ እንዳለች ያውቃልና።

የፈረንሳይ ሕግ ከ16 ዓመት በታች ያለ ልጅ ፊልም ላይ እንዲሠራ የመንግሥት ፈቃድ ይጠይቃል፤ ከክፍያውም አብዛኛው ልጁ ለአካለ መጠን እስኪደርስ በመንግሥት ገንዘብ ቤት እንዲቀመጥ ያስገድዳል። ጥሩ ሕግ ነው፤ ወላጅ የልጁን ላብ እንዳይበላ ይከላከላል። የልጁን ፊት ግን የሚያስቀምጥለት ገንዘብ ቤት የለም። በስምንት ዓመቱ የተቀረጸው ኀዘን የፊልሙ ባለቤት ንብረት ሆኖ ይቀራል፤ ባለቤቷ እናቱ ብትሆንም። ማትዩ ደሚ ይህን ንብረት ለማስመለስ ሠላሳ ዓመት ፈጀበት።

ማትዩ የሠራበት ሌላው የእናቱ ፊልም የመጣው ከ«ዶኪዩማንተር» ስድስት ወይም ሰባት ዓመት ቆይቶ ነው። አኜስ ስለ ተዋናይቷ ጄን በርኪን አንድ ፊልም እየሠራች ሳለ በርኪን የራሷን ሐሳብ አቀረበችላት፤ አንዲት የተፋታች ሴት ለልጇ የክፍል ጓደኛ ልቧ ስለ መሸነፉ የሚተርክ። በ1988 «ኩንግ ፉ ማስተር» በሚል ርእስ ወጣ። ሴትዮዋን በርኪን ራሷ፣ ልጆቿን የራሷ ልጆች ሻርሎት ጌንስቡርና ሉ ዱዋዮን፣ የቪዲዮ ጨዋታ ማሽን ላይ ተጣብቆ የሚውለውን ልጅ ደግሞ ማትዩ ተጫወቱት። የሁለት እናቶች ቤተሰብ ተዋህዶ የተሠራ ፊልም ነው። አኜስ ብዙ ጊዜ ትክክል የነበረች ፊልም ሰሪ ናት፤ እዚህ ላይ ግን እናትነቷ የት ነበር ብዬ እጠይቃለሁ። ታሪኩ ትልቅ ሰው ልጅን ሲመኝ በርኅራኄ ለማየት ይሞክራል፤ ርኅራኄው ለሴትዮዋ እንጂ ለልጁ አልበቃም። በዚያ ዕድሜ ያለ ልጅ ለእናቱ «እምቢ» ማለት ምን ያህል ይችላል? ይህን ጥያቄ ያኔ ጮክ ብሎ የጠየቀ ጥቂት ነው።

በፊልሙ ውስጥ አንድ ሌላ ነገር አለ። የ1980ዎቹ መጨረሻ ስለሆነ ተማሪዎቹ እርስ በርሳቸው ስለ ኤድስ ያወራሉ፤ ማስጠንቀቂያውም በየቦታው ይሰማል። ካሜራው ፊት የቆመው ልጅ አባት በዚያው በሽታ ይሞታል።

አኜስና ዣክ በእነዚያ ዓመታት ታርቀው አንድ ላይ ይኖሩ ነበር። ዣክ ታሞ ቤት ሲውል የልጅነቱን ትዝታ መጻፍ ጀመረ፤ ናንትን፣ ጋራዡን፣ ጦርነቱን፣ ቆጡንና የካርቶን አሻንጉሊቶቹን። እሷም አነበበችው። ፊልም የሚሆን ነገር ነበር፤ እሱ ግን የሚሠራበት ጉልበት አልነበረውም። እሷ ልሥራው አለችው፣ ሰጣት። በ1990 ናንት ድረስ ሄደው በዚያው በትክክለኛው ጋራዥ ውስጥ ቀረጹ። ትንሹን ዣክን ሦስት ልጆች በተለያየ ዕድሜው ተጫወቱት። በመሀል በመሀል ካሜራው ወደ እውነተኛው ዣክ ይሄዳል፤ ወደ ፀጉሩ፣ ወደ ቆዳው፣ ወደ እጁ እጅግ ተጠግቶ ቀስ ብሎ ያልፋል። ሚስት ባሏን የምታጠናው እንዲህ ነው፤ ቆዳው ላይ ያለውን ምልክት ሁሉ ልታስቀር የቸኮለች ይመስላል።

ዣክ ደሚ ጥቅምት 27 ቀን 1990 ሞተ። 59 ዓመቱ ነበር። ማትዩ 18 ዓመት ከሞላው ገና 12 ቀኑ ነው። የሞቱ ምክንያት የደም ካንሰር ተባለ፤ ቤተሰቡም ዝም አለ። ዣክ ራሱ እንዳይነገር ፈልጎ ነበር። ያን ጊዜ የኤድስ ስም የበሽተኛውን ሕይወት በሙሉ ወደ ኋላ ተመልሶ የሚያበላሽ ስም ነበርና ምርጫውን እረዳለሁ። ግን የአንድ ሰው ምስጢር ለቤተሰቡ ሸክም ሆኖ ይቀራል፤ ይህን ሸክም ከተሸከሙት አንዱ ገና ጎልማሳ ያልሆነ ልጅ ነበር። የዣክን ልጅነት የሚያሳየው ያ ፊልም፣ «ዣኮ ደ ናንት»፣ በ1991 በካን ሲታይ ባለታሪኩ ሞንፓርናስ መቃብር ውስጥ ነበር።

ከዚህ በኋላ ማትዩ የተዋናይነትን መንገድ በራሱ ውሳኔ ያዘ። ያኔም ግን አልፎ አልፎ ለእናቱ ይሠራ ነበር። ፊልም የተፈለሰፈበትን መቶኛ ዓመት ለማክበር አኜስ በ1995 በሠራችው ፊልም ውስጥ የመጀመሪያ ፊልሙን ለመሥራት ገንዘብ ያጣ ወጣት ሆኖ ይታያል። ሚናውን የሰጠችው እናቱ ናት፤ ለልጇ የልቡን ምኞት አስቀድማ ጽፋለት ይሁን ወይስ በአጋጣሚ፣ ነገሩ ከሆነው ጋር ገጠመ።

በ1998 ግን ሌሎች ሰዎች ጠሩት። ኦሊቪዬ ዱካስቴልና ዣክ ማርቲኖ የተባሉ ሁለት አዲስ ዳይሬክተሮች በዣክ ደሚ መንገድ የሚሄድ ሙዚቃዊ ፊልም ሊሠሩ ተነሡ፤ «ዣንና ድንቁ ልጅ» ይባላል። ሰዎች በመንገድ ላይ፣ በባቡር ውስጥ፣ በሥራ ቦታ ይዘፍናሉ። ዣን የምትባል ወጣት (ቪርጂኒ ለድዋየን ናት) ኦሊቪዬ ከሚባል ልጅ ጋር ፍቅር ይይዛታል። ኦሊቪዬ ኤድስ አለበት፤ ሕመሙ ሲጠናበት ከእሷ ይሰወራል። ኦሊቪዬን የተጫወተው ማትዩ ደሚ ነው።

ይህን ነገር ዛሬ ላይ ሆኖ የሚያይ ሰው ትንፋሹ ይቆማል። የዣክ ደሚ ልጅ፣ የዣክ ደሚ ዓይነት ሙዚቃዊ ፊልም ላይ፣ ዣክ ደሚን በገደለው በሽታ ይሞታል። ስለ ታላቁ ሙዚቃዊ ፊልም ሰሪ ልጅ ብዙ ሲወራ በሽታውን ከአባቱ ጋር በይፋ ያያያዘ አልነበረም፤ ምክንያቱም በይፋ አልተነገረም። ታሪኩ ያኔ ትኩስ ነበር። የፈረንሳይ የኤድስ ታጋዮች ገና አደባባይ ላይ ነበሩ፤ የበሽተኛውን ዕድሜ የሚያራዝመው የመድኃኒት ጥምረት ከወጣም ሁለት ዓመት ያህል ቢሆነው ነው። ማትዩ በዚያ ፊልም ውስጥ ሲዘፍን ድምፁ የሠለጠነ አይደለም፣ የተንቀጠቀጠባቸው ቦታዎች አሉ። እናቱ ስትቀርጸው እንደነበረው ልጅ አሁንም ለካሜራው የሚያስመስለው ነገር የለውም። በእኔ እይታ ከሠራቸው ሚናዎች ሁሉ ይህ ይበልጣል፤ ሳይናገር የተናገረበት ነውና።

በይፋ የተነገረው በ2008 ነው። አኜስ ሰማንያ ዓመት ሲሞላት ሕይወቷን በሙሉ የምታይበት «የአኜስ የባሕር ዳርቻዎች» የተባለውን ፊልም ሠራች። መስተዋቶችን አሸዋ ላይ ትተክላለች፣ የኋሊት ትራመዳለች፣ ልጆቿንና የልጅ ልጆቿን ትሰበስባለች። እዚያ ውስጥ ነው ዣክ በኤድስ እንደ ሞተ፣ ያኔ ማንም የማይጠራው በሽታ እንደነበረ በገዛ ድምፅዋ የምትናገረው። አሥራ ስምንት ዓመት አልፎ ነበር። ልጁ ከአሥር ዓመት በፊት በዘፈን አድርጎ የነካውን እናት አሁን በስሙ ጠራችው። ፊልሙ በዓመቱ ሴዛር የተባለውን የፈረንሳይ ሽልማት በምርጥ ዘጋቢ ፊልምነት አገኘ።

ማትዩ በ2000ዎቹ መጀመሪያ አጫጭር ፊልሞችን ራሱ እያዘጋጀ እጁን አሟሸ። ከዚያ 2011 መጣ፤ በአንድ ዓመት ሁለት ነገር አደረገ። በሴሊን ሲያማ «ቶምቦይ» ውስጥ ራሷን ለጎረቤት ልጆች ወንድ ብላ የምታስተዋውቅ የአሥር ዓመት ልጅ አባት ሆኖ ሠራ፤ ያለ ብዙ ቃል፣ ልጁን በጉልበቱ ላይ አስቀምጦ መሪ የሚያስይዝ ለስላሳ አባት። ልጅ ካሜራ ፊት ሲቆም ምን እንደሚሰማው የሚያውቅ ሰው ከሕፃን ተዋናይ አጠገብ መቆሙ ለፊልሙ ጠቅሟል ብዬ አምናለሁ።

ሁለተኛው የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙ «አሜሪካኖ» ነው። ጽፎታል፣ አዘጋጅቶታል፣ ዋናውን ሰውም ተጫውቷል። ሰውየው ማርታን ይባላል። አዎ፣ ያው የ1981 ማርታን፤ አሁን አድጎ ፓሪስ ይኖራል። እናቱ ሎስ አንጀለስ እንደ ሞተች ይነገረዋል፤ የቀብሩንና የቤቷን ጉዳይ ሊጨርስ ይበርራል። ኤሚሊን ሲያስታውስ በምልሰት የምናየው አዲስ የተቀረጸ ነገር አይደለም፤ ከ«ዶኪዩማንተር» የተወሰደ ምስል ነው። የስምንት ዓመቱ ማትዩ፣ ያ ባሕር፣ ያ ባዶ ቤት፣ ያ የሳቢን ማሙ ፊት። ሌላ ዳይሬክተር ለዋና ሰውየው ልጅነት ሌላ ሕፃን ፈልጎ ፀጉሩን ያስመስለዋል፤ ማትዩ እውነተኛው ልጅነቱ በሪል ተጠቅልሎ እናቱ ቤት ተቀምጦለታል።

ያደረገውን እናስተውል። እናቱ ልብ ወለድ ብላ የቀረጸችውን ምስል እሱ ትዝታ አደረገው። ፊልሙ ሲሠራ አኜስ በሕይወት አለች፣ ከሰማንያ ዓመት በላይ ሆና ሩ ዳጌር ላይ ትሠራለች፤ ልጇ በፊልሙ ውስጥ የእናትን ሞት ጽፎ፣ የሚያዝንላትን እናት ከእሷ ከራሷ ፊልም ወስዶ ቀበረ። ጭካኔ የሚመስለው አለ። እኔ ግን በአኜስ ሙያ ልክ የተሰጠ መልስ አድርጌ ነው የማየው፤ እሷ ዣክን ሳይሞት መሰናበት የጀመረችው በካሜራ አይደለም?

ማርታን ሎስ አንጀለስ ሲደርስ እናቱ ቤቷ ሎላ ለምትባል ሜክሲካዊት እንዲሰጥ ትፈልግ እንደነበር ይሰማል። ሎላን ፍለጋ ድንበር ተሻግሮ ቲኋና ይገባል፤ «አሜሪካኖ» የሚባል የጭፈራ ቤት ውስጥ ሳልማ ሃይክ የምትጫወታትን ሴት ያገኛል፤ ስለ እናቱ እንድትነግረው ይለምናታል። ሎላ የሚለው ስም ከየት መጣ ለሚል፣ በ1961 የወጣው የዣክ ደሚ የመጀመሪያ ረጅም ፊልም «ሎላ» ነው፤ ያቺው ሎላ በ«ሞዴል ሾፕ» ውስጥ ሎስ አንጀለስ ድረስ ተሰዳ ትታያለች። ስለዚህ ማርታን እናቱን ፍለጋ ወጥቶ የሚደርሰው አባቱ ዘንድ ነው። ከተዋናዮቹም ብዙዎቹ የሲኒማ ቤተሰብ ልጆች ናቸው። የማርታን ወዳጅ ሆና የምትሠራው ኪያራ ማስትሮያኒ የካትሪን ደኑቭ ልጅ ናት፤ እሷና ማትዩ በአንድ ዓመት፣ በ1972 የተወለዱ ናቸው። የእናቱ ጓደኛ የምትሆነው ጄራልዲን ቻፕሊን የቻርሊ ቻፕሊን ልጅ ናት፤ እሷም በልጅነቷ በአባቷ «ላይምላይት» ውስጥ ታይታለች። ካርሎስ ባርደምም ከስፔኑ የተዋንያን ቤተሰብ ነው። ስለ ወላጅ ውርስ የሚያወራ ፊልም ላይ ይህን የተሸከሙ ሰዎችን መሰብሰብ ልፋቱን የሚያውቅ ሰው ሥራ ነው።

ፊልሙ በቶሮንቶ ፌስቲቫል ቀርቦ በዚያው ዓመት መጨረሻ ፈረንሳይ ውስጥ ወጣ። እንከን የለሽ አይደለም። ቲኋና የሚሆነው ክፍል ይንዛዛል፤ የሎላ ቤትና የጭፈራው ዓለም ከሌሎች ፊልሞች የምናውቀው ነው። የመጀመሪያው ግማሽ ግን፣ ትልቁ ሰው ባዶውን የእናቱን ቤት ሲዞርና ትንሹ ልጅ በአሮጌው ፊልም ሲመጣበት፣ በሌላ በማንም ሊሠራ የማይችል ነው። ገንዘብ ያለው ሰው መልኩን በኮምፒውተር ሊያሳንስ ይችላል። የዚያ ልጅ ዓይን ግን በ1980 ገደማ ሎስ አንጀለስ ውስጥ አንዴ ብቻ ነው የታየው፤ ያስቀረጸችው ደግሞ እናቱ ነበረች።

ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ የአባትን ሥራ የመጠገን ጊዜ ሆነ። የ«ሎላ» ኔጋቲቭ በ1970 በእሳት ወድሟል፤ ፊልሙ ከቀሩት ቅጂዎች ተፈልጎ የዳነ ነው። «የሼርቡር ጃንጥላዎች» ደግሞ ቀለሙ እየደበዘዘ ነበር፤ ለዣክ ቀለም ማለት ግማሽ ታሪኩ ነው፤ የግድግዳው ወረቀት ከሴትዮዋ ቀሚስ ጋር እንዲናበብ የተለፋበት ፊልም ነውና። አኜስ ከሮዛሊና ከማትዩ ጋር ሆና በ2013 አስጠግነው ካን ላይ እንደገና አሳዩት፤ ከገንዘቡ ከፊሉ ከሕዝብ በመዋጮ የተሰበሰበ ነው። በዚያው ዓመት የፓሪሱ ሲኒማቴክ ለዣክ ደሚ ትልቅ ኤግዚቢሽን ከፈተ። ሲኔ ታማሪስ የተባለው የአኜስ ኩባንያ፣ ያ የሩ ዳጌር ትንሽ ቢሮ፣ የሁለቱንም ፊልሞች ጠባቂ ሆነ።

ማትዩ በ2015 ካናል ፕሉስ ማሳየት በጀመረው «ለ ቢሮ ዴ ሌዣንድ» በተባለው ስለ ፈረንሳይ ሰላዮች በሚተርክ ተከታታይ ድራማ ላይ አንዳንድ ክፍሎችን አዘጋጀ። የሌላ ሰው ታሪክ፣ የሌላ ሰው ጽሑፍ፣ ቀጠሮ የማይጠብቅ ሥራ፤ ከቤተሰቡ ጥላ ወጥቶ ሙያውን በሙያነቱ የሚሠራበት ነው። በ2019 ደግሞ «ሚቶ» በተባለው ድራማ የዋናዋ ሴት ባል ሆኖ ተወነ።

አኜስ እስከ መጨረሻው ሠራች። በ2017 የክብር ኦስካር ተቀበለች፤ በዚያው ዓመት ከአርቲስቱ ዢ ኤር ጋር በፈረንሳይ ገጠር እየዞረች የሠራችውን ፊልም ሮዛሊ ፕሮዲውስ አድርጋላት አሳየች። በየካቲት 2019 የመጨረሻ ፊልሟን በበርሊን ፌስቲቫል አቀረበች። መጋቢት 29 ቀን 90 ዓመቷ ሆኖ ሩ ዳጌር ሞተች፤ ሞንፓርናስ ከዣክ ጋር ተቀበረች። ሲኔ ታማሪስና በውስጡ ያሉት ፊልሞች ሁሉ፣ የስምንት ዓመቱ ማርታን ጭምር፣ ለሮዛሊና ለማትዩ ቀሩ።

ሁለቱን ፊልሞች ማየት ለሚችል አንባቢ አንድ ነገር ልበል። ብዙ ሰው «አሜሪካኖ»ን ብቻ አይቶ የአሮጌውን ምስል ከየት እንደመጣ ሳያውቅ ያልፈዋል። መጀመሪያ የ1981ዱን ይይ፤ ከአንድ ሰዓት ብዙ አይበልጥም። የ2011ዱን ደግሞ በሌላ ቀን፣ ልጁን ከለመደው በኋላ።